አራት በአራት ያልኩት ክፍል

እኔ ጂኒ፣ ዛር ምናምን ሲባል «ለክታችሁታል?» እያልኩ የማሾፍ ሰው ነኝ፣ ሥራዬም እሱው ነው፣ ሸዋ ሮቢት ውስጥ አዲስ ቤት ሲያልቅ ምሰሶውን፣ ደረጃውን፣ የሽንት ቤቱን ጉድጓድ አይቼ፣ ክፍሎቹን ለክቼ ካልፈረምኩ ማንም አይገባበትም።

እትዬ ዘይነብ ቤት የሄድኩት በቀትር ነው፣ የኛን አገር ሙቀት መቼም ታውቀዋለህ፣ ውሻ እንኳ ከጥላ አይወጣም። እሳቸው ዕቃቸውን ጋሪ ላይ አስጭነው፣ አራስ ልጃቸውን ሐያትን ከነሕፃኗ ዛፍ ሥር አስቀምጠው ይጠብቁኛል። «ልጄ፣ የጓሮዋን ክፍል ቶሎ እያት፣ ለአራሷ ያሰብኩት እሷን ነው» አሉኝ።

ገባሁና ሜትሬን ከግድግዳ ግድግዳ ዘርግቼ ቆለፍኩት፣ አራት ሜትር፣ ልክ እንደ ፕላኑ። ልጽፍ ጎንበስ ስል ችርርር የሚል ቀጭን ድምፅ ሰማሁ፣ ቀና ብል ሜትሩ መሃሉ ላይ ጎብጧል። ብረት በሙቀት ይለጠጣል ብዬ እንደገና ለካሁ፣ ሦስት ከሰማንያ። ደግሜ ለካሁ፣ ሦስት ከሃያ! እውነቴን ነው የምልህ፣ ሜትሩን ጥዬ እጆቼን ብዘረጋ ሁለቱም መዳፎቼ ልስኑን ነኩ። በሩ ክፍት ነው፣ እትዬ ዘይነብ ውጭ ሲስቁ ይሰማኛል፣ እኔ ግን በጎኔ ሆኜ፣ ትንፋሼን ውጬ፣ ደረቴና ጀርባዬ እየተፋቀ ነው የወጣሁት።

ዞር ብዬ ባይ ያው ሰፊ ክፍል ነው።

«ምነው ልጄ፣ ፊትህ አመድ መሰለ፣ ችግር አለው እንዴ?»

ምን ልበላቸው? ቅጹ ላይ እንዲህ ያለ ነገር የሚጻፍበት ቦታ የለም፣ የቢሮ መሳቂያ መሆንም አለ። አፈርኩና ፈረምኩ፣ ይኸው እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል።

በሳምንቱ ደወሉልኝ፣ «በአላህ ድረስልኝ፣ ሐያት ከክፍሉ ካልወጣች ሦስት ቀኗ፣ ስንይዛት ተጨፈለቅኩ ብላ ትጮሃለች!»

በረርኩ። በሩ ወለል ብሎ ተከፍቷል፣ ሐያት ሕፃኑን ደረቷ ላይ ለጥፋ፣ ክርኖቿን ሰብስባ አልጋው መሃል ተቀምጣለች።

«ሐያት፣ እህቴ፣ ነይ ውጪ እንጂ» አልኳት ከደጃፉ።

ወደ ተከፈተው በር አየች፣ ከዚያ ወደ እኔ። «በየት በኩል?» አለችኝ።

እትዬ ዘይነብ ክንዴን ያዙኝ። «ግባና አውጣልኝ፣ ደህና ነው ብለህ የፈረምከው አንተ አይደለህም?»

እመነኝ ወንድሜ፣ ልገባ ፈልጌ ነበር፣ እግሬ ግን ደጃፉን አላልፍ አለኝ። ሐያት እስካሁን አልወጣችም።