ጥላ ያዧና ዝምተኛው ንጉሥ

በአርዜል ምድር የወንድማማቾቹ ጦርነት በተጀመረ በሰባተኛው ዓመት፣ በአንድ ማለዳ ሦስት ፀሐዮች ጎን ለጎን ወጡ።

የእቴጌ ወርቅሰና ጠቢባን ሰማዩን አይተው «ንጉሡ፣ እቴጌዋና አልጋ ወራሹ ናቸው፤ ድሉ የኛ ነው» አሉ። የመስፍን ደርባቶ ጠቢባንም ያንኑ ሰማይ አይተው «መስፍኑና ሁለቱ ልጆቹ ናቸው፤ ዙፋኑ የኛ ነው» አሉ። የቤተ መንግሥት ጠቢብ መቼም ሰማይ የሚያነበው የሚያበላውን ጌታ ፊት አይቶ ነው። ገበሬው ግን ቀና ብሎ አየና «ኧረ ጉድ!» ብሎ ከብቶቹን ወደ ዋሻ ነዳ። ከሁሉም የገባው እሱ ነበር።

በዚያው ማለዳ ንጉሥ ዘርሞን ከገዛ አደባባያቸው ተሰረቁ። ዘውዳቸው አይደለም፣ በትራቸው አይደለም፤ ራሳቸው ንጉሡ! ሰባት ዓመት ሙሉ አንድ ቃል ከአፋቸው ያልወጣ፣ አእምሯቸው ተሰወረ የተባሉ፣ ሲያጎርሷቸው የሚጎርሱና ሲያስቀምጧቸው የሚቀመጡ ሰው ነበሩ። ታዲያ ማን ይሰርቃቸዋል ትሉ ይሆናል። በአርዜል ሕግ ንጉሡ ያሉበት ጦር የመንግሥት ጦር ነው፤ የሌሉበት ደግሞ ሽፍታ ነው። ስለዚህ የእቴጌዋ ቤትና የንጉሡ የአጎት ልጅ የደርባቶ ቤት ምስኪኑን ሰው ሲነጣጠቁ ኖረዋል።

የንጉሡ ጥላ ያዥ አንጓች የምትባል የሃያ ዓመት ልጅ ነበረች። ሥራውን ከአባቷ ወርሳለች። ሁለት ወንድሞቿን ይኸው ጦርነት በልቷቸዋል፤ የቀራት የመጨረሻው ልጅ ዳምጤ ብቻ ነው። እሱም በዚያ ማለዳ ነጭ ላባውን ራሱ ላይ ሰክቶ ከእቴጌዋ ጦር ጋር ሲወጣ፣ እሷ እስከ በር ወርዳ ሸኘችው። ስትመለስ የንጉሡ ወንበር ባዶ ነበር።

እቴጌ ወርቅሰና አስጠሯት። «የት ነበርሽ?» አሉ።

«ወንድሜን ስሸኝ ነበር፣ እቴጌ።»

«ወንድምሽን ነው የሸኘሽው ወይስ ባሌን?»

አንጓች እግራቸው ሥር ተደፋች።

እቴጌዋ ቀጠሉ፦ «ደርባቶ ንጉሡን ሸንጎራ አምባ ላይ አስቀምጧቸዋል። በአራተኛው ቀን በጉምዛ ሜዳ እንጋጠማለን። ንጉሡን ይዞ ከመጣ ግማሹ ሠራዊቴ ይከዳኛል። ሂጂና አምጪልኝ። ካላመጣሽ የመጀመሪያውን ጦር የሚቀበለው የወንድምሽ ደረት ነው።»

አንጓች የጥላውን ዘንግ በሁለት እጇ ጨብጣ ማለች፦ «በአባቴ አጥንት! በሁለቱ ወንድሞቼ ደም! ጃንሆይን ሳልይዝ ብመለስ ይህ ዘንግ ይሰበር፣ ስሜም ከቤተ መንግሥት ይፋቅ!»

እቴጌዋ ሽበታሙን የዘበኞች አለቃ ባሻ ድልነሳውን ጨመሩላት። ሲወጡም አንጓች ዞር ብትል፣ እቴጌዋ ከደጃፉ አጠገብ ለባሻው አንድ ነገር በጆሮው ሲነግሩትና እጁ ላይ አንድ ነገር ሲያስጨብጡት አየች። አየችና ልቧ ውስጥ አስቀመጠችው።

ወደ ሸንጎራ የሚወስደው መንገድ በጉምዛ ረግረግ ዳር ያልፋል። በዚያ ረግረግ ውስጥ ከአርዜል መንግሥት የሚበልጥ ዕድሜ ያለው ዘንዶ ይኖራል። የደም ሽታ ሲደርሰው ይነቃል፤ ሲነቃም ሰው የራሱን እጅ እስከማያይ ድረስ ጉም ይተፋል። የሚያስመልሰው የተቀባ ንጉሥ ቃል ብቻ ነው ይባላል። ሲመለስ ግን የዚያን ንጉሥ እስትንፋስ ይዞ ይሄዳል። አንጓችና ባሻው ሲያልፉ ውሃው ዝም ብሎ ነበር፤ እነሱም ዝም ብለው አለፉ።

በማግስቱ ሸንጎራ ሲደርሱ አንጓች የሠራችው ነገር አሁንም ድረስ ያስቃል። አልተደበቀችም፣ ግንብም አልዘለለችም። የወርቅ ዘርፍ ያለውን ጥላ ዘርግታ፣ በዋናው በር፣ በጠራራ ፀሐይ ገባች። «ጥላ ያዥን የከለከለ ንጉሡን በፀሐይ የመታ ነው» የሚል ሕግ አለ፤ የደርባቶ ዘበኞችም እርስ በርሳቸው ተያዩና በሩን ከፈቱ። ንጉሡን ግቢው ውስጥ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው አፋቸውን ከፍተው አገኘቻቸው። ጥላውን አናታቸው ላይ አድርጋ ክንዳቸውን ያዘችና በጓሮ በር ይዛቸው ወጣች። በየደረሱበት ሰዉ ሁሉ ግንባሩን መሬት አስነክቶ ሰገደ። የሰገደ ሰው ደግሞ የሚያየው እግር ብቻ ነው፤ የንጉሥ እግር ወዴት እንደሚሄድ ማን ደፍሮ ይጠይቃል? ባሻ ድልነሳው ከጓሮው በር ውጭ በቅሎዎቹን ይዞ ሲጠብቅ ሳቁን መቆጣጠር አቃተው።

አንጓች ግን አልሳቀችም። እንዲህ በቀላሉ? ደርባቶ ሞኝ ነው እንዴ? በሩ አስቀድሞ የተመከረበት ቢሆንስ? ባሻው የሚስቀው በምንድነው?

ከሰዓት በኋላ ከአንድ ምንጭ ዳር ሲያርፉ፣ ባሻው ውሃ ሊቀዳ ወረደ። እሷም ጊዜ ሳታጠፋ የቆዳ ከረጢቱን በረበረች። ከጥሬና ከቋንጣው ሥር የእቴጌዋ ማኅተም ያለበት አጭር ጩቤ አገኘች።

ባሻው ሲመለስ ጩቤውን አሳየችው። «ይህ ለማን ነው፣ ባሻ?»

ሽማግሌው ቅሉን ቀስ ብሎ አስቀመጠ። «ለጃንሆይ ነው» አለ። «በሕይወት ማምጣት ካልተቻለ ለደርባቶ እንዳልተዋቸው ታዝዤ ነው።»

«እሺ ብለው ተቀበሉ?»

«እምቢ ብል ሌላ ሰው ይላክ ነበር፣ ልጄ። እሱ ደግሞ ይጠቀምበት ነበር።»

«ቆንጆ መልስ ነው። ከቤት ጀምሮ ሲያጠኑት መጡ?»

አንጓች እጇን ዘረጋች። «ሰይፉን ይስጡኝ። ላባዎንም ያውልቁ። ለንጉሥ ጩቤ የያዘ ሰው ነጭ ላባ አድርጎ ከኔ ጋር አይሄድም!»

በአርዜል ላባ ማለት ቀላል ነገር አይደለም፤ የእቴጌዋ ጦር ወዳጁን የሚለየው በእሱ ነው። የደርባቶ ሰዎች ደግሞ የደረቀ ሣር ግንባራቸው ላይ ያስራሉ። ሁለቱም የሌለው ሰው የማንም አይደለም። ባሻው ላባውን ነቅሎ ሰጣት። «እሺ ልጄ» አለ። እሷም ሰይፉንና ጩቤውን ምንጩ ውስጥ ጣለቻቸው፤ ላባውን ግን መቀነቷ ሥር ሸጎጠችው። ከዚያ ከፊቷ እንዲሄድ አደረገችው፤ ጀርባዋን ልትሰጠው አልፈለገችም።

በማግስቱ መንታ መንገድ ላይ ደረሱ። አንዱ በሸለቆው፣ ሌላው በጋራው ይሄዳል፤ ሁለቱም ጉምዛ ያደርሳሉ። ጥላ ያዥ የሚሠራው በዓይኑ ነው፤ ዘወትር የንጉሡን ትከሻ ያያል። ሰው ከመታጠፉ በፊት ትከሻው ይታጠፋልና፣ ጥላውም ከትከሻው ጋር ካልዞረ ፀሐይ ያገኛቸዋል። አንጓች ባሻውን ወደ ሸለቆው ልትልከው ስትል፣ የንጉሡ ቀኝ ትከሻ ወደ ጋራው ሲዞር አየች። ቀና ብላ ሸለቆውን አተኩራ ብትመለከት ከቁጥቋጦው መሀል የሣር ግንባሮች ታዩዋት፤ የደርባቶ ሰዎች አድፍጠው ነበር። በጋራው ወጡ።

ከጋራው ጫፍ ሲደርሱ ጥላውን ያዝ አድርጋ ንጉሡ ፊት ቆመች።

«ጃንሆይ፣ አእምሮው የጠፋ ሰው መንገድ አይመርጥም።»

ንጉሡ አፋቸውን እንደከፈቱ አዩዋት። ከዚያ ቀስ ብለው ዘጉት። ዓይናቸው ውስጥ ሰው ታየ።

«ትከሻዬን ማን ያየዋል ብዬ ነበር» አሉ፤ ድምፃቸው እንደ ዛገ ማጠፊያ ሲጢጥ አለ።

አንጓች ጮኸች። «ሰባት ዓመት! ሁለት ወንድሞቼ አፈር ሲገቡ እርስዎ ሙሉ ሰው ሆነው ልሃጭዎን ያዝረከርኩ ነበር?»

«አዎ» አሉ ንጉሡ። «ከሰባት ዓመት በፊት አንድ ቃል ተናገርኩ፤ ‹ዝመቱ› አልኩ። በዚያች ቃል ዘጠኝ ሺህ ሰው አለቀ። ንጉሡ ዝም ካለ ጦርነቱ አፍ ያጣል ብዬ አሰብኩ።»

«አፍ አላጣም! እርስዎ ዝም ሲሉ እነሱ በእርስዎ ስም ተናገሩ!»

ንጉሡ ራሳቸውን ደፉ። እሷም ጥላውን አንሥታ ተራመደች። መንገድ ሲጀምሩ ግን እንዲህ አሏት፦ «ባሻው ያን ጩቤ ሊጠቀምበት ቢፈልግ ኖሮ፣ በመጀመሪያው ቀን እኔ ሞቼ ነበር። ገና ምንጩ ጋ ሳንደርስ፣ አንቺ ውሃ ልትጠጪ ስትወርጂ ሁለታችን ብቻችንን ነበርን።»

አንጓች ይህን ሰማች። ከፊት ከፊት የሚሄደውን የሽማግሌውን ባዶ ራስ አየች። እጇም መቀነቷን ዳሰሰ፤ ላባውን ግን አልመለሰችለትም። ቢሆንስ? ቢሸውዱኝስ? ንጉሥ እንኳ ሰባት ዓመት የሚያታልልበት አገር ላይ ማን ይታመናል?

በአራተኛው ቀን ረፋድ ላይ የጉምዛ ኮረብታ ላይ ወጡ። ሜዳው አይታይም። ከሥራቸው የተዘረጋው ነጭ ጉም ብቻ ነው፤ በውስጡ ትልቅ ነገር ይጥመለመላል፣ ከሥሩም የብረትና የሰው ጩኸት ይመጣል። ውጊያው ተጀምሯል፤ ዘንዶውም ነቅቷል። አንድ ቁስለኛ እየተንፏቀቀ ወጣና እግራቸው ሥር ወደቀ። «የእቴጌዋ ቀኝ ክንፍ የእቴጌዋን ግራ ክንፍ እየፈጀ ነው!» አለ። «በጉሙ ውስጥ የራሰ ላባና የራሰ ሣር ማን ይለያል?»

«ዳምጤ ግራ ክንፍ ነው!» አንጓች ጥላውን ልትጥል ስትል ባሻው ክንዷን ያዛት።

«አይሆንም ልጄ! ዘንዶውን የሚመልሰው የጃንሆይ ቃል ብቻ ነው፤ ከጥላው ውጭ የተነገረ የንጉሥ ቃል ደግሞ ቃል አይደለም፤ ሕጉን ታውቂያለሽ። ጥላውን ከጣልሽ ሁሉም ያልቃል። እኔ ልፈልገው። ምን ይመስላል?»

«እርስዎ ለምን?» አለች። እዚያም ላይ ጠረጠረችው!

«እኔ የምፈልገው ሰው ስላልቀረኝ» አለ ባሻው።

ጉንጩ ላይ ጠባሳ ያለበት ቀጭን ልጅ መሆኑን ነገረችው። ሽማግሌው ባዶ እጁን እየሮጠ ጉሙ ውስጥ ገባ።

ንጉሡ ወደ አንጓች ዞሩ። «ጥላውን ከፍ አድርጊ» አሉ። ጎን ለጎን ወደ ጉሙ ወረዱ። ጭቃው ቁርጭምጭሚታቸውን ሲይዝ ንጉሡ ቆሙ፤ ዘንዶውም ራሱን አነሣ። ዓይኖቹ ሁለት ኩሬ ያህላሉ፤ ከአፍንጫው የሚወጣው ጉም ቀዝቃዛ ነበር። አንጓች ዘንጉን እንዳትለቅ ጥርሷን ነከሰች።

ንጉሡም ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ተናገሩ፦ «እኔ የተቀባሁት የአርዜል ንጉሥ ዘርሞን ነኝ! በስሜ የተመዘዘውን ሰይፍ ሁሉ ሽሬአለሁ! በስሜ የተማለውን መሐላ ሁሉ ፈትቻለሁ! ከዛሬ ጀምሮ በንጉሥ ስም የወንድሙን ደም የሚያፈስ ሰው ነፍሰ ገዳይ እንጂ ወታደር አይባል! አንተም ዘንዶ፣ የምትፈልገው ይኸው! ይዘህ ተመለስ!»

ዘንዶው በረጅሙ አየር ሳበ። ጉሙ ሁሉ ከሜዳው ተነሥቶ ወደ አፉ ገባ፤ የንጉሡም እስትንፋስ አብሮ ሄደ። ረግረጉ ተከፈተና ተዘጋ። በፀሐይ ብርሃን ሰው ሰውን አየ፤ ነጭ ላባ ነጭ ላባን አንቆ፣ ሣር ሣርን ወግቶ። በመሐላ የተያዘ ሰይፍ ሁሉ ከየእጁ ወደቀ። እንዲህ ያለ ድል በአርዜል ታይቶ አይታወቅም፤ የተሸነፈው ጦርነቱ ራሱ ነበርና።

እቴጌ ወርቅሰና ከአንድ ወገን፣ መስፍን ደርባቶ ከሌላው ወገን እየሮጡ መጡ። የሞቱትን ንጉሥ ሳያዩ አንጓችን አዩ። «ሲሞቱ የማንን ስም ጠሩ? ዙፋኑን ለማን ሰጡ?» አሉ፣ ሁለቱም ባንድ ላይ።

«የማንንም አልጠሩም» አለች። ሁለቱም አላመኗትም፤ አንዱ ሌላው የገዛት መሰለው። እሷ ግን ጥላውን እዚያው ለጃንሆይ ተክላላቸው ወንድሟን ፍለጋ ሄደች።

ዳምጤ በሕይወት ነበር! ከሩቅ አየችው፤ ጭቃ ላይ ተቀምጧል። «ዳምጤ! የኔ ጌታ!» እያለች ስትሮጥ በድንገት ቆመች። ልጁ የአንድ የሞተ ሽማግሌ ራስ ጭኑ ላይ አድርጎ ነበር።

«እታለም» አለ ዳምጤ። «በጉሙ ውስጥ ስሜን እየጠራ መጣ። ላባ የለው፣ ሣር የለው። ጠላት ስሜን ከየት አወቀ፣ ሊያታልለኝ ነው ብዬ...» አጠገቡ የወደቀውን ደም የነካ ሰይፉን አሳያት። «ተይ ጠላት ነው በይኝ። ታውቂዋለሽ እንዴ?»

አላውቀውም ብትለው ልጁ ዕድሜውን ሙሉ ሰላም ይተኛ ነበር። አንድ ውሸት ብቻ ነው፤ የሚሰማውም የለም። አንጓች የባሻውን ፊት አየችና አጠገቡ ተቀመጠች።

«አውቃቸዋለሁ» አለች። «ባሻ ድልነሳው ይባላሉ። አንተን ሊያወጡህ ነው የመጡት። ላባቸውን የነጠቅኋቸው እኔ ነኝ። ጠርጥሬያቸው ነበር።»

ዳምጤ እንደ ሕፃን አለቀሰ፤ እሷም አብራው አለቀሰች። ሲበቃቸው እሱ በራስጌ እሷ በግርጌ ሽማግሌውን አንሥተው ወደ ኮረብታው ወጡ። ከባድ ሰው ነበርና ሦስት ቦታ ላይ አስቀምጠው አረፉ።