የተነቀለው ፍሪጅ

የፊልም አዘጋጁ እኩለ ቀን ላይ ቢሮው ውስጥ፣ ማይክሮፎኑ ሥር በግንባሩ ተደፍቶ ሞቶ ተገኘ። ማጅራቱን የመታው የካሜራ ማቆሚያ አጠገቡ ወድቋል። ባልደረቦቿ «ወይዘሮ እስቲ» የሚሏት መርማሪ ግን ዓይኗን የጣለችው ጥግ ካለው ፍሪጅ ሥር በተኛው ውሃ ላይ ነው፤ ጫማዋን አርሶባት ተናዳለች።

ከፊልም ቡድኑ የቀሩት ሦስት ናቸው፤ ካሜራማኑ፣ «ጆሮ» የሚሉት የድምፅ ባለሙያና ተርጓሚዋ። ዓመቱን ሙሉ የጎረቤት ሕዝቦችን ባህል ሲቀርፁ ከርመዋል። ተርጓሚዋ ከወንዙ ማዶ ካሉት ወገን ናት፤ የእነሱን የሙታን መሸኛ ሙሾ አሟልተው የሚያውቁት የመጨረሻዋ ሴት እናቷ ነበሩ። አራት ቀን ሙሉ አውርደው አስቀረፁት፤ በወሩ አረፉ። በእነሱ ዘንድ ልጅ እናቷ በሕይወት ሳለች ያንን ሙሾ አትሰማምና፣ ያኔ ድምፁ ከማይደርስበት ርቃ ቆማ ነበር። አሁን ቅጂውን ልትሰማ፣ ለወገኖቿም ልትወስድ ቀን ትቆጥራለች።

ካሜራማኑ ጣቱን የቀሰረው በእሷ ላይ ነው፤ ትናንት ሟቹን ቅጂውን ስጠኝ ብላ ስትጨቃጨቅ ሰምቷል። እሷም አልካደችም። እሱ ራሱ ከጠዋት ጀምሮ ገበያ ሲቀርፅ ብዙ ሰው አይቶታል። ጆሮ ደግሞ ከቤቴ ንቅንቅ አላልኩም አለ፤ ሊያመጡት የሄዱት ፖሊሶች ግን የበሩን ቁልፍ ተሰብሮ ነው ያገኙት።

ከሰዓት በኋላ ሦስቱንም እዚያው ክፍል ሰበሰበቻቸው።

«እስቲ፣ ፍሪጁን ማን ነቀለው?»

ሦስቱም ወደ ፍሪጁ ዞሩ።

«መብራት አልጠፋም። ፍሪጁም አልተበላሸም፣ ስሰካው ሠራ። ደህና ፍሪጅ የሚነቅል ድምፅ የሚቀርፅ ሰው ነው፤ የሞተሩ ጩኸት እንዳይገባበት። ሟቹ ትረካውን ሊያነብ ወረቀት ይዟል፤ መቅረጫውን ማስነሣት ግን አያውቅበትም፣ ካሜራማኑ ነግሮኛል።» ፍሪጁን ከፍታ ከውስጡ የቁልፍ ዘለላ አወጣች። «መልሶ መሰካቱን እንዳይረሳ የቤቱን ቁልፍ እዚህ የሚያስቀምጥ አለ። ዛሬ ደንግጦ ስለሮጠ ሁለቱንም ረሳ፤ የገዛ በሩንም ሰብሮ ገባ።»

ጆሮ አንገቱን ደፋ። «ለትረካዬ ቦታ አጠረኝ ብሎ ሙሾውን በሙሉ ከኮምፒውተሩ ደመሰሰው። ሌላ ቅጂ የለም። እየሳቀ ነው የነገረኝ።»

መርማሪዋ ጉዳዩን ፈታች፤ ምን ዋጋ አለው። ተርጓሚዋ ተነሥታ ጆሮ ፊት ተንበረከከች።

«ጋሼ፣ እርስዎ አራት ቀን ሰምተውታል። መጀመሪያዋን ብቻ ያዚሙልኝ።»

ጆሮ እጇን ይዞ ሊያስነሣት ሞከረ።

«እኔ የምሰማው ነፋሱን ነበር፣ የኔ ልጅ። የውሻ ጩኸት እንዳይገባ ነበር የምጠብቀው። ዜማውን አላዳመጥኩትም።»

እሷ ግን አልተነሣችም። ፖሊሶቹ እስኪወስዱት ድረስ አፍ አፉን ታየው ነበር።