ከትልቁ ድንጋይ ወዲህ

ሽማግሌው ቀያሽ ከገደሉ ሥር በደረታቸው ተደፍተው ተገኙ። ከካምፑ ሃያ ደቂቃ እንኳ አያስኬድም። ሠላሳ ዓመት ጫካ ለክተው ያደሩ ሰው በቀን ጉም አሳሳታቸው መባሉ ለመርማሪዋ አልዋጥላት አለ።

ካምፑ ውስጥ የነበሩት ሦስት ሰዎች ብቻ ናቸው፤ ልጃቸው፣ ረዳታቸውና ሾፌሩ።

ልጅቷ ፊሽካ አንገቷ ላይ እንዳንጠለጠለች ነው።

«ጉሙ ሲወርድ አባዬ ድምፄን ይዞ እንዲመጣ ስነፋ ነበር። ረዳቱ ‹በጉም ድምፅ ያሳስታል፣ ያሰረውን ሪባን ተከትሎ ይመጣል› ብሎኝ ሄደ። መንፋቱን ተውኩት። እኔ ነኝ የገደልኩት!»

ሾፌሩ በጀሶ የታሰረ እግሩን አሳየ። «እኔ በዚህ እግሬ የት እሄዳለሁ? ልጅቷም ካጠገቤ አልተለየች። ደግሞ ጋሼ እንዲህ በቀላሉ አይጠፉም። ሲሄዱ ዛፍ ላይ ሪባን ያስራሉ፤ አንዱ ካይናቸው ሊሰወር ሲል ሌላውን። ሲመለሱ እሱን ነው የሚከተሉት።»

ረዳቱ ተረጋግቷል። «እርጅና ነው፣ ምን ይደረጋል። እኔ ወንዙ ጋ ስለካ ነበር።»

«ሜትሩ ድንኳን ውስጥ አይደል እንዴ?» አለች መርማሪዋ።

«የኔ እግር ራሱ ሜትር ነው» አለ ፈገግ ብሎ። ሰው የሚኮራበት አያጣም።

መርማሪዋ ሜትሩን ይዛ ሪባኖቹን ጫካው መሃል ካለው ትልቅ ድንጋይ ማዶ ድረስ ተከተለች። አንድ ዛፍ ሥር መሬቱን ስታይ ፊቷ ጠቆረ። ተመልሳ ሦስቱንም ሰበሰበች።

«ከትልቁ ድንጋይ ማዶ ያሉት ሪባኖች አንዱ ስምንት፣ አንዱ አሥራ አምስት ሜትር ይራራቃሉ። ባይን ግምት የታሰሩ ናቸው። ከድንጋዩ ወዲህ የነበሩት ግን ተፈትተው ወደ ገደሉ ታስረዋል፤ ሃያ፣ ሃያ፣ ሃያ፣ ልክ። ያለ ሜትር እንዲህ የሚረግጥ ማነው?»

ረዳቱ እግሩን ወደ ኋላ ሰበሰበ።

«ደብተራቸው ኪሳቸው ውስጥ ነበር። ወሰኑን ሳትረግጥ፣ ድንኳን ቁጭ ብለህ የሞላኸውን ቁጥር አንድ በአንድ ሰርዘውታል።»

«እንጀራዬን ሊቆርጡት ነበር!» ብሎ ጮኸና ተቀመጠ።

ልጅቷ ወደሱ ዞራም አላየች። «ፊሽካዬን ሰምቶት ነበር?»

መርማሪዋ እዚያ ዛፍ ሥር ያየችው ትዝ አላት። የሽማግሌው የጫማ ዱካ ከሪባኑ ወጥቶ ወደ ካምፑ አምስት እርምጃ ሄዷል። እዚያ ጭቃው እስኪላቆጥ ቆመው ጠብቀዋል። ከዚያ ወደ ሪባኑ ተመልሰዋል።

«አልሰሙም፣ የኔ እህት» አለቻት።

ልጅቷ እያለቀሰች ፊሽካውን ካንገቷ አወለቀች።