ነፋሱ የቆመበት ጠዋት

የመጻሕፍት ገልባጮቹ አለቃ ከመጻፊያ ጠረጴዛው ሥር በግንባሩ ተደፍቷል። ማጅራቱ ተፈንክቷል፤ አጠገቡ የወረቀት መጫኛው ብረት ወድቋል፤ ቀኝ እጁ አሁንም ብዕሩን እንደጨበጠ ነው። ከፊቱ ከእንጨት አትሮንሱ ላይ መጽሐፈ እስትንፋስ ክዳኑ ተዘግቶ ተቀምጧል።

መርማሪዋ ጉልበቷን ይዛ ጎንበስ አለች። በከተማው ውስጥ በስሟ የሚጠራት የለም፤ «ለምን» ማለት ስለምታበዛ «እትዬ ለምን» ተብላ ቀርታለች። ዛሬ ግን መጠየቁ ራሱ አንገሽግሿታል። ከሦስት ሰዓት ተኩል ጀምሮ በዚህ ግቢ ስትመላለስ ላቡ በጀርባዋ ይንቆረቆራል፤ ያናገረችው ሰው ሁሉ ደግሞ ጥቅስ እየጠቀሰ ያደርቃታል። ስድስት ሰዓት ሲደወል የጥበቃው ሹም የሟቹን ልጅ ይወስዳታል። አባቱን ገድሏል ተብሎ ወህኒ ወርዶ የተመለሰ ሰው ደግሞ በከተማው ታይቶ አያውቅም።

ስለዚህ መጽሐፍ ሕፃን ሽማግሌው የሚያውቀው ነገር አለ። ሲገለጥ ነፋስ ይነፍሳል፤ ሲከደን ቀጥ ይላል። ጠዋት ይገለጣል፣ ማታ ይከደናል። ክዳኑን ማንም ሊዘጋው ይችላል፤ ሲዘጋ ራሱን ይቆልፋል። የሚከፍተው ግን አንድ ቁልፍ ብቻ ነው፤ እሱም መጽሐፉን ከሚያነበው ከአንባቢው አንገት ተለይቶ አያውቅም።

አንባቢው አርባ ዓመት ከግቢው ያልወጣ ቀጭን ሽማግሌ ነው። ክፍሉ ከመጻፊያው ክፍል ጋር በትንሽ የውስጥ በር ይገናኛል።

«መቼ ነው ያገኟቸው?»

«‹የተገለጠ ገጽ ሬሳ አይይ› ይላል የመጀመሪያው ትእዛዝ።»

«እኔ እሱን አልጠየቅኩም።»

«ሦስት ሰዓት ሲደወል ነዋ! ከጠራዡ ጋር ገባን። መጽሐፉ እንደተገለጠ ነበር፤ ሬሳውን ሳይ ወዲያው ከደንኩት።»

«ከዚያ በፊትስ?»

«ክፍሌ ነበርኩ። ሁለት ሰዓት ከተደወለ በኋላ ልጁ መጥታ ስትጮህበት ሰማሁ። ሌላ ምን ልበልሽ?»

ቃሉን ጽፋ ሰጠችው። ወረቀቱን ቁልቁል ገልብጦ ያዘና ዓይኑን ከላይ እስከ ታች አመላለሰበት። «ልክ ነው» ብሎ መለሰላት። እትዬ ለምን ለዛሬ እንኳ ለምን ሳትል ወረቀቱን አጣጥፋ ኪሷ ከተተች።

ጠራዡ በግቢው ማዶ ባለች ጠባብ ክፍል ውስጥ ጣቶቹ በሙጫ ተጣብቀው ቆሟል። መስኮቱ ድርግም ብሎ ተዘግቷል።

«እንዴት አትታፈንም?»

«ወረቀቴ ይበተንብኛላ፣ እትዬ። መስኮት ከፍቼ አላውቅም።»

«ልጅቷ ምን ብላ ነው የጮኸችው?»

«‹አልፈልገውም! ለሚፈልገው ስጠው! እኔ ነገ እሄዳለሁ!› ነው ያለችው።»

«አለቃው ምን መለሱላት?»

«ምንም።»

«ሲጮኽባቸው ዝም ይሉ ነበር እንዴ?»

«እሳቸው?» ጠራዡ ሳያስበው ሳቅ አመለጠው፤ ወዲያው ደግሞ አፈረ። «ከዝንብ ጋር እንኳ የሚከራከሩ ሰው ነበሩ።»

ልጅቷ የተሸከፈ ሻንጣዋን ተደግፋ ደረጃው ላይ ተቀምጣለች። ዓይኗ በልቅሶ አብጧል።

«ገብተሽ ነበር?»

«አልገባሁም። እሱ ሲጽፍ በሩ አይከፈትም። ከልጅነቴ ጀምሮ የምጠራው ከውጪ ሆኜ ነው። ዝም ሲለኝ ያኮረፈ መስሎኝ ሄድኩ።»

«ምኑን ነው አልፈልግም ያልሽው?»

«አልናገርም። ለማንም እንዳልናገር አባቴ አደራ ብሎኛል።»

«አንቺ ልጅ! ለስድስት ሰዓት እኮ አንድ ሰዓት ነው የቀረሽ!»

«አደራ ነው አልኩዎት።»

እትዬ ለምን ብድግ ብላ ወደ መንገዱ ወጣች።  አንዱ በጥቅስ ይሸሻታል፣ አንዷ በአደራ ትዘጋባታለች፣ ሰዓቱ ደግሞ ይሮጣል። በዚህ መሀል ከማዶው ጣሪያ ላይ አንዲት አጣቢ ስታማርር ሰማች።

«እናንተ የመጽሐፍ ሰዎች፣ ዛሬ ምን ሆናችሁ ነው? ልብሴ በስብሶ ቀረ እኮ!»

«ነፋሱ መቼ ነው የቆመው?»

«ተመስገን፣ የሚጠይቅ ሰው ተገኘ! ሁለት ሰዓት ሳይደወል ነዋ ቀጥ ያለው። ልጅቷ ግቢ ስትገባ እኮ አንሶላዬ እንደ ድንጋይ ቆሟል። ከዚያ ሦስት ሰዓት ሊደወል ሲል ድንገት ተነሣና አንዱን መንገድ ላይ ጣለብኝ። እሱን አንስቼ ሳልጨርስ እንደገና ጭጭ።»

መርማሪዋ የጀርባዋን ላብ በእጇ ዳሰሰች። ከጠዋት ጀምሮ በላብ ስትጠመቅ መልሱ በገዛ ጀርባዋ ላይ ሲወርድ ነበር። ከተማው ሁሉ ያየውን ነገር አንድም ሰው አልጠየቀም፤ እሷም ጭምር። በራሷ ተናደደች።

ስድስት ሰዓት ሊሆን ጥቂት ሲቀረው ሁሉንም በመጻፊያው ክፍል ሰበሰበቻቸው። አስከሬኑ ወጥቷል። ሹሙ በሩ ላይ ቆሞ ሰዓቱን ያያል።

«ነፋሱ የቆመው ልጅቷ ከመምጣቷ በፊት ነው» አለች። «ስለዚህ ያን ጊዜ መጽሐፉ ተከድኗል። በጠዋት መጽሐፍ የሚከደነው ለምንድን ነው? ከፊቱ ሬሳ ካለ ብቻ። ስትጮህባቸው አባቷ ያልመለሱላት ቀድሞውኑ ሞተው ስለነበር ነው።»

«ማንም ሊከድነው ይችላል» አለ አንባቢው።

«እውነት ነው። ግን ሦስት ሰዓት ላይ እርስዎና ጠራዡ ስትገቡ ተገልጦ ነበር ብለውኛል። አንተም አይተሃል?»

«በዓይኔ አይቻለሁ» አለ ጠራዡ።

«ከደወሉ ትንሽ ቀደም ብሎም ነፋስ ተነሥቷል። ስለዚህ የተከደነውን መጽሐፍ ሬሳው አጠገብ ቆሞ መልሶ የገለጠው ሰው አለ። ሞቱ ልጅቷ ከመጣች በኋላ የሆነ እንዲመስል ነው። መክደን ማንም ይችላል። መክፈት የሚችለው ግን ቁልፉ ያለው ብቻ ነው።»

ሁሉም ወደ አንባቢው አንገት ተመለከቱ።

«መጀመሪያ ላይ የከደኑት አስበው አይደለም» አለች፤ ድምጿ ትንሽ ለዘብ ብሏል። «አርባ ዓመት የለመደ እጅ ነው። ከሰው ይልቅ መጽሐፉን ፈሩ። በኋላ ሲያስቡት ከፈቱት። ከዚህ ግቢ ወጥተው ስለማያውቁ ውጪ ያለው ሰው ነፋስ እንደሚቆጥር ረሱ።»

«እኔ ለምን እገድለዋለሁ?»

ወረቀቱን ከኪሷ አወጣች። «ጠዋት ይህን ገልብጠው ይዘው ‹ልክ ነው› አሉኝ። አያዩም። የሚያነቡትም በቃልዎ ነው። አለቃው ይህን አውቀው ቁልፉን ለሌላ ሰው ሊሰጡ ነበር። ልጄ፣ ከዚህ በኋላ አደራው አይያዝሽም። አልፈልግም ያልሽው ቁልፉን ነው?»

ልጅቷ እንባዋን በእጅጌዋ ጠረገች። «አዎ። ‹ዓይኑ መጥፋቱን ሰው ሰምቶ እንዳያፍር፣ ለማንም እንዳትነግሪ› አለኝ። እኔ ግን ከዚህ ቤት መሄድ ነበር የምፈልገው። ቁልፉ ከእርስዎ ጋር ይቆይ ልለው ነው የመጣሁት» አለች ወደ አንባቢው ዞራ።

አንባቢው ወንበር በእጁ ፈልጎ ተቀመጠ። ለመጀመሪያ ጊዜ ጥቅስ አልጠቀሰም።

«ሰምቼሻለሁ» አላት። «‹ለሚፈልገው ስጠው› ስትዪ እዚያች በር ሥር ቆሜ ሰማሁሽ። ደሙ ገና አልደረቀም ነበር።»

 እትዬ ለምን ቁልፉን ከአንገቱ አወለቀች፤ ሹሙም ክንዱን ይዞ ወሰደው። የስድስት ሰዓቱ ደወል ተደወለ። ክፍሉ እንደታፈነ ነው፤ ሁሉም በእጇ ያለውን ቁልፍ ያያሉ።

«እኔን ምን ታዩኛላችሁ?» ብላ መርማሪዋ ተቆጣች።

ልጅቷ ቁልፉን ከመርማሪዋ እጅ ተቀበለችና ወደ አትሮንሱ ሄደች። ክዳኑን ከፈተች፤ አባቷ ሊገለብጠው የነበረውን ገጽ ፈልጋ ገለጠችው። ነፋሱ በመስኮቱ ገብቶ የጠረጴዛውን ወረቀት አንኮሻኮሸ።

«ይሄ ለአባቴ ነው» አለች። ቁልፉን ሙጫ በነካው የጠራዡ መዳፍ ላይ አስቀመጠች፤ ሻንጣዋንም አነሣች።

ወደ መንገዱ ስትወጣ ከማዶው ጣሪያ ላይ አንሶላዎቹ ይርገበገቡ ነበር። አጣቢዋ መቆንጠጫ እየፈለገች ጮኸች። ልጅቷ ቀና ብላ ጥቂት አየቻቸውና መንገዷን ቀጠለች።