የንብ ኮፍያው ውስጥ የነበረው ወረቀት

ሰጠኝ! ወይኔ ጉዴ፣ አባቱን የሚያስረታውን ወረቀት በገዛ እጁ ለእኔ ሰጠኝ! አበባ የሚሰጥ ወንድ ሞልቷል፤ እንዲህ የሚያደርግ ግን የት አለ?

እሺ፣ እሺ፣ ከመጀመሪያው ልንገራችሁ።

መንግሥት ለመንገድ ብሎ የችግኝ ቦታችንን ወሰደው። ካሳ ይከፈላል ተባለ። አባዬ ዕድሜውን ሙሉ የለፋበት ቦታ ነው፤ በካሳው ሌላ ቦታ ሊያለማ አስቧል። ለካ አንድ አናጢም «የእኔ ነው» ብሎ አመልክቷል! ካርታው በሟች አባቱ ስም ነው።

አባዬ «አያትሽ ከአናጢው አባት ጋር ቦታ ተለዋውጠናል ይል ነበር» ይላል። አናጢው ደግሞ «አባቴ ለወዳጁ ያዋሰው ነው» ባይ ነው። በቃ፣ ካሳው ታገደ።

አባዬ ሰልፍ ሲባል ያመዋል፤ ስለዚህ ካሳ ቢሮ የምመላለሰው እኔ ነኝ። እዚያ ሰልፍ ላይ፣ ከኋላዬ፣ እሱ!

«እስክሪብቶ ላውስሽ?» አለኝ፣ ቅጹን ይዤ ስንከራተት አይቶ።

ተቀበልኩት። አይጽፍም!

«ይኼ ምን ይሠራል?»

«ለመተዋወቂያ» አለ። ጆሮው ግን ቀልቶ ነበር። ሞትኩ!

ከዚያ ወዲያ «እስክሪብቶ» ነው የምለው። እሱ «ችግኝ» ይለኛል፣ ጥፍሬ ውስጥ ሁሌ አፈር ስላለ። ሦስት ሳምንት ሙሉ ተሰልፈን ስንስቅ፣ ስለ ፋይላችን አንድ ቀን እንኳን አልተጠያየቅንም። ማን ስለ ፋይል ያወራል?

አንድ ቀን ጸሐፊዋ በመስኮት ብቅ ብላ «መዝገብ አርባ ስምንት! ሁለቱም ወገን!» ብላ ጮኸች።

ተነሳሁ። እሱም ተነሳ።

ተያየን። ሳቄ አፌ ላይ ደረቀ።

«የአናጢው ልጅ ነህ?»

«አንቺ… የአትክልተኛው?»

ጸሐፊዋ ከላይ እስከ ታች አየችንና «እናንተ ልጆች፣ ዛሬ ደግሞ ምን ነካችሁ? ስትስቁ ነበር እኮ የምትውሉት» አለች። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

አንድ ሳምንት አልተነጋገርንም። ሰልፉ እንዴት እንደሚረዝም አልነግራችሁም!

ትናንት ከሰዓት ፎቶ ኮፒ ቤቱ በር ላይ ጠበቀኝ። የታጠፈ፣ ቢጫ የሆነ ወረቀት ይዟል። የአያቱን፣ ማር ሲቆርጡ ያደርጉት የነበረውን የድሮ የንብ ኮፍያ ሲያራግፍ ከውስጡ ወደቀ አለ።

አነበብኩት። አያቱ ናቸው ያጻፉት፦ «ንቦቼ የወዳጄን ሚስት ሦስት ጊዜ ስለነደፉብኝ አፍሬ፣ የታችኛውን ቦታዬን በላይኛው ቦታው ለውጫለሁ። ንቦቹንም ይዤ ወጥቻለሁ።» ከሥሩ ሁለት የጣት አሻራ። አንዱ ላይ ማር ነክቶበታል መሰለኝ፣ ጉንዳን በልቶታል።

የተነደፈችው እኮ የእኔ አያት ናት! ካርታውን በስም ማዞሩን ሁለቱም አያቶቻችን ረስተውት፣ ንብ ማሸሹን ብቻ አስታወሱ።

«ይኼ… እኛን ነው የሚጠቅመው» አልኩት።

«አውቃለሁ።»

«አባትህስ?»

ወረቀቱን ከእጄ ወስዶ እያጠፈ ነገረኝ፦ አባቱ የተከራዩትን የእንጨት ሥራ ቤት ልቀቁ ተብለዋል፤ በካሳው የራሳቸውን ሊሠሩ ነበር።

«አባቴ ውሸታም አይደለም፣ ችግኝ። ስለማያውቅ ነው። እኔ ግን አሁን አወቅኩ፤ አውቄ ዝም ካልኩ አንቺን በምን ዓይኔ አይሻለሁ?» ወረቀቱን እጄ ላይ አድርጎ ጣቶቼን አንድ በአንድ አጠፈልኝ። «የፈለግሽውን አድርጊ። ብቻ አትቅደጂው፤ የአያቴ ጣት አለበት።»

እጁን ያዝኩት። ፎቶ ኮፒ የሚያነሱት ሰውዬ ጉሮሯቸውን ጠረጉብን፤ አልለቀቅኩትም።

አሁን ወረቀቱ ኬሚስትሪ ደብተሬ ውስጥ ነው። ማስረጃ መቀበያው ሰኞ ያበቃል። አባዬ ደጅ ሆኖ የሚነቀሉትን ችግኞች ውሃ ያጠጣል፤ «ነገ ቢነቀሉም ዛሬ ይጠማቸዋል» ይላል። እሱን ሳይ ሮጬ ልሰጠው ይቃጣኛል። ከዚያ ደግሞ አናጢው ልጃቸውን «ማን ሰጣት?» ሲሉት ይታየኛል።

አንድ ሐሳብ አለኝ። መጀመሪያ ሁለታችን አብረን አባቱ ዘንድ ሄደን፣ የገዛ አባታቸውን ቃል ፊታቸው ባነብላቸውስ? ተቆጥተው ቢነጥቁኝስ? ኮፒ ልያዝ? ኮፒ ከያዝኩ ደግሞ አላመንኳቸውም ማለት አይደለም?

እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? እባካችሁ ቶሎ በሉ፣ ሰኞ ደረሰ እኮ!