የጎብዬዋ ይርገዱ

የመምህር ወልደ ሚካኤል አስከሬን ሰኞ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ፣ ከቆቦ ወጣ ብሎ ካለው ቤቱ ጓሮ፣ የጎርፍ ቦይ ውስጥ በአፍጢሙ ተደፍቶ ተገኘ። ከተራራው የወረደው ጎርፍ አፉንና አፍንጫውን በጭቃ ደፍኖታል። ማጅራቱ ላይ ግን ውሃ የማይሠራው ቁስል ነበር።

አገሩ ገዳዩን ለመሰየም አንድ ሰዓት አልፈጀበትም። ጎረቤቱ ነጅሙዲን እሑድ ዕለት በጎርፍ ተራ ተጣልቶት፣ በሰው ፊት «ይኸው ውሃ ይብላህ!» ብሎታል። የሟች ወንድም ሞላ ለመርማሪዋ ለዋና ሳጅን ራዊያ ፊት ለፊት ነገራት።

«እስከ ሠልስት እታገሣለሁ። ከዚያ ወዲያ የወንድሜን ደም ራሴ እመልሳለሁ።»

ሠልስቱ ረቡዕ ነው። ለራዊያ የቀራት አንድ ማክሰኞ ብቻ ነበር።

ጠዋት ነጅሙዲንን ጣቢያ አነጋገረችው። የሞላ ዘመዶች ከፖሊስ ቀድመው አግኝተውት ኖሮ አንድ ዓይኑ አብጦ ተከድኗል።

«ረግመኸዋል?»

«ወላሂ ረግሜዋለሁ። እሱም ረግሞኛል። ሃያ ዓመት ስንራገም ኖረን፣ በማግስቱ እሳት እንጫጫራለን።»

«ደብተሩንስ የት አደረስከው?»

«የምን ደብተር? የኔ ፊርማ አውራ ጣቴ ነው፣ እህቴ። ደብተር ምን ላደርግበት?»

ራዊያንም የከነከናት ይኸው ነው። ሟቹ የራያ ገበሬ ጎርፍ ጠልፎ ማሳ የሚያጠጣበትን ወግ ዕድሜውን ሙሉ የጻፈበት ደብተር ከትራሱ ሥር ጠፍቷል። ማንበብ ለማይችል ሰው ምን ይረባዋል?

መበለቷን ሸዋዬን ጠየቀቻት።

«እትዬ፣ ደብተሩን መጨረሻ ያዩት መቼ ነው?»

«ቅዳሜ፣ እኔ ስነግረው እሱ ሲጽፍ። አባቴ በትውልድ አገሬ በጎብዬ የውሃ አባት ነበር፤ ጎርፉን ለየማሳው የሚያካፍል። የገዛ ወንድሙ ተራ ሰርቆ ቢገኝ ዓመቱን ሙሉ ውሃ ነሳው። ልጆቹ ተርበው ደጃችን ሲያለቅሱ አባቴ በሩን ዘጋ። አፍሬበት ለማንም ተንፍሼው አላውቅም ነበር። ሰኞ እኔ ሮቢት ከተማ ለቅሶ ውዬ ስመለስ እሱም የለ፣ ደብተሩም የለ።»

ከሰዓት በኋላ በረከት ስለ መምህሩ ልናገር ብሎ በራሱ እግር ጣቢያ መጣ። የመምህሩ የቀድሞ ተማሪ ነው፤ አሁን በዚሁ በጎርፍ መስኖ ላይ የሁለተኛ ዲግሪ መመረቂያ ጽሑፉን ጨርሷል። አዲስ የተጠረዘውን ጽሑፍ ለራዊያ አቀበላት። ገና ከመግቢያው «ለሟቹ መምህሬ መታሰቢያ ይሁን» ይላል።

«ቤታቸው ትመላለስ ነበር?»

«ከፋሲካ ወዲህ ረግጬው አላውቅም። ሁሉንም መረጃ ራሴ ዞሬ ነው የሰበሰብኩት።»

ራዊያ ገጾቹን ስትገልጥ አንዱ ላይ ቆመች። «ሕፃናቱ ከመግቢያችን ቆመው እንባ ሲያፈሱ ወላጄ መዝጊያውን ቆለፈ።» ከሥሩ፦ «ይርገዱ፣ ጎብዬ»።

«ይህችን ሴት አግኝተሃታል?»

«በአካል!»

ረቡዕ፣ የሠልስቱ ሰዎች ሳይበተኑ፣ ራዊያ ነጅሙዲንን በካቴና ዳሱ ውስጥ አስገባችው። ሞላ ክላሹን ጭኑ ላይ አጋደመ። በረከት ነጭ ጋቢ ለብሶ ከመበለቷ ጎን ተቀምጧል።

«በረከት፣ ስለ ጎብዬዋ ሴት እስቲ ለነዚህም ሰዎች ንገራቸው።»

«ስለ ወይዘሮ ይርገዱ? ጥርሳቸው ያለቀ ባልቴት ናቸው። ገበያ ላይ በርበሬ ሲሸጡ አገኘኋቸው። ሲነግሩኝ አለቀሱ፤ እኔም አለቀስኩ።»

ሸዋዬ ነጠላዋን ከአፏ ላይ አነሳች።

«ጥርሴማ አለ» አለች።

በረከት አልገባውም። ራዊያ ቀጠለች።

«ይርገዱ እትዬ ሸዋዬ ናቸው። ሙሽራ ስትገባ አማት ስም ታወጣላት የለ? የሞላ እናት ያወጡላቸው ስም ነው። ጎብዬ ጠይቄያለሁ፤ በዚያ ስም የሚያውቃቸው አንድ ሰው የለም። ከዚህ ቤት ውጭ አይጠሩበትም። መምህር ሚስታቸውን እንደለመዱት ይርገዱ ብለው ጻፉ፤ እትዬ ሸዋዬ እያልክ ያደግህ አንተ ሌላ ሴት መሰለችህ። ልጆቹን ሕፃናት፣ አባትን ወላጅ፣ በሩን መዝጊያ አደረግህ። ስም ግን አቻ ቃል የለውምና እንዳለ ተውከው።»

«ድሮ… ድሮ ደብተራቸውን አሳይተውኝ…»

«ድሮ? ታሪኩ የተነገረው ቅዳሜ ነው። ደብተሩ ከዚህ ቤት የወጣው ከዚያ በኋላ ነው፤ አንተ ደግሞ ከፋሲካ ወዲህ አልመጣሁም ብለሃል። ሙህሲን ማተሚያ ቤትም ሄጃለሁ። ሰኞ ስምንት ሰዓት አትሞ ጠርዞልሃል። አስከሬኑ የተገኘው አሥር ሰዓት ነው። ሚስታቸው እንኳ መሞታቸውን ሳያውቁ፣ አንተ ‹ለሟቹ መምህሬ› ብለህ አሳትመሃል።»

በረከት ጋቢውን ሰበሰበ። ሲናገር ድምፁ የተበደለ ሰው ድምፅ ነበር።

«አንድ ገጽ ነው የለመንኩት። ዩኒቨርሲቲ ያሉት የሰው ምስክርነት ይጎድለዋል ብለው ጽሑፌን ሁለት ጊዜ መለሱብኝ። እሱ ግን የሚስቴን ገመና አልሰጥም አለ። አንዴ ነው የመታሁት። ቦዩ ውስጥ ወድቆ ‹በቃ ውሰደው፣ ብቻ አንሳኝ› አለኝ። ጎርፉ ሲመጣ ይሰማኝ ነበር።»

ሞላ ክላሹን ሲያነሳ የራዊያ እጅ ቀድሞ አፈሙዙን ይዞት ነበር። ፖሊሶቹ አስጣሉት። ካቴናው ከነጅሙዲን እጅ ወልቆ በረከት እጅ ገባ፤ እየገፈተሩም አወጡት።

ሞላ ነጅሙዲን ጉልበት ላይ ተደፋ።

«ይቅር በለኝ፣ ነጅሙ።»

«ያንተስ ቀላል ነው» አለ ነጅሙዲን፣ ያበጠ ዓይኑን እየዳበሰ። «ትናንት ልጄ ፈሪሀ ጣቢያ ምሳ አመጣችልኝ። ሳህኑን መሬት አስቀምጣ ራቅ ብላ ቆመች። ‹አባ፣ ሲሰጥም ጮኸ ወይ?› አለችኝ።»