ቀዝቃዛ ውሃ የማይነካው ባና ረጋጭ

ባና ረጋጩ ወልደ አማኑኤል ሲሞት ፊቱ እንደ ቡሖ ኩፍ ብሎ፣ ከንፈሩ ተገልብጦ፣ ገላው በቀይ ሽፍታ ጉብ ጉብ ብሎ ነበር። ጠዋት ገንፎ ያበላችው የእህቱ ልጅ ጽናት ናት። ይህ ብቻ ቢሆን ደግ ነበር። እሷ ግን አላለቀሰችም። የዘመሮ ለቀስተኛ ደግሞ ያላለቀሰን ሰው ከሩቅ ይለያል።

«መርዝ ነው» አለች የሟች ሚስት ፋንታዬ። ከዚያ በኋላ ያልደገመው ሰው የለም። ሁለት ፖሊሶች ጽናትን መደብ ላይ አስቀምጠው በሩ ላይ ቆሙ። ወደ መሐል ሜዳ ከተማ ጣቢያ የሚወስዳት ፒካፕ ደጅ ላይ ሞተሩን አጥፍቶ ይጠብቃል። አሥራ ሰባት ዓመቷ ነው፤ ያሳደጋትም ይኸው የሞተው አጎቷ ነው። እጆቿን ታያለች፣ የሌላ ሰው እጆች ይመስሏታል። ደረቷን ብትዳብሰውም ሐዘን የሚባል ነገር የለበትም።

ኢንስፔክተር እስከዳር የደረሰችው ሰውየው ከሞተ ሁለት ሰዓት ሳይሞላ ነው። አጭር ናት፤ ጉንፋን ይዟት በየንግግሩ መሀል ትናፈጣለች። ጽናት «ይቺ ናት የምታስረኝ?» ብላ በልቧ ታዘበቻት።

«ገንፎውን ማን ማን በላ?»

«እሱና እኔ፣ ካንድ ሳህን።»

«ታዲያ አንቺ ምነው አልሞትሽ?»

«እንጃ። ተራዬ አልደረሰ ይሆናል።»

«ሰማችኋት?» አለች ፋንታዬ። «በሬሳ ፊት ትቀልዳለች።»

ኢንስፔክተሯ አልሳቀችም፣ አልተቆጣችምም። «ከዚህ በፊት እንዲህ አብጦ ያውቃል?»

«ብርድ ሲነካው። ቀዝቃዛ ውሃ ከነካ እጁ፣ በረዶ ከመታው ፊቱ። የሸክም ገመድ ሲከረክረውም ትከሻው ላይ ይወጣበታል። እሳት ዳር ቁጭ ብሎ ሲያክ ሲያክ ይተወዋል። ለጥምቀት እንኳ ጸበሉ እንዳይደርሰው ከሰው ሁሉ ኋላ ነው የሚቆም።»

«ይህን ማን ያውቃል?»

«የቤት ሰው ብቻ» አለች ፋንታዬ ቀድማ። «ቡዳ በልቶት ነው እንዳይባል ደብቀነው ኖርን።»

«የሚጠላው ሰው ነበር?»

«ማን ይጠላዋል? ነገ የአገር ጉባኤ አለ፤ የጋራው የሳር መሬት፣ ጓሳው፣ እንዳይታጨድ ተዘግቶ ሳለ ገብቶ ሳር ያጨደ ሰው አይቻለሁ ብሎ ሊምል ነበር። ማን እንደሆነ ግን ለእኔም አልነገረኝ።»

ሬሳውን ከወንዝ ተሸክሞ ያመጣው እዚያው ግቢ የሚኖረው የፋንታዬ ወንድም መርስዔ ኃዘን ነው። ከሟች ጋር ወንዝ ዳር ባና ይረግጣል፤ ከበግ ፀጉር የተሸመነው ብርድ ልብስ እንዲጠብቅ ገንዳ ውስጥ እየነከሩ በእግር ሲረግጡት ይውላሉ።

«ስንረግጥ ‹ሆዴን› ብሎ ወደቀ» አለ።

«ውሃው ሙቅ ነበር?»

«የሱ ሁሌም ሙቅ ነው። በየጠዋቱ ማገዶ የምፈጀው እኔ፣ እንደ ሙሽራ እግሩን የሚነክረው እሱ።»

«እስከ የት ይነከራል?»

«እስከ ጉልበቱ።»

«ወንዙ ውስጥስ አልገባም?»

«እሱ? ወንዙን ዞሮም አያየው።»

ኢንስፔክተሯ ግቢውን ተሻግራ የመርስዔ ኃዘንን ጎጆ ክዳን ቀና ብላ አየች። ሳሩ ገና አረንጓዴነቱ አልለቀቀውም። ምንም ሳትጠይቅ ተመልሳ ሬሳውን አስገለጠች። ኮቱን፣ ሸሚዙን፣ ሱሪውን በየተራ ዳበሰች። ከዚያ አንገቱ ላይ ያለውን ማተብ በሁለት ጣት ያዘችና ጨመቅ አደረገችው። ጣቷን በመሐረቧ ስትጠርግ ጽናት አየቻት።

ስልክ ደውላ ስትጨርስ ሁሉንም ፀሐይ ወዳለበት ወደ ግቢው ጠራቻቸው።

«ገንፎውን ሁለት ሰው በላው፤ ያበጠው አንዱ ነው። ስለዚህ መርዙን ተዉት። የጤና መኮንኑን ጠይቄዋለሁ፤ ብርድ የሚቀሰቅሰው አለርጂ ነው አለኝ። እጅ ሲቀዘቅዝ እጅ ያብጣል። ሰውነት በሙሉ ድንገት ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ከገባ ግን ጉሮሮ ይዘጋል፣ ሰውየው ተዝለፍልፎ ይወድቃል።»

«ልብሱኮ ደረቅ ነው» አለ መርስዔ ኃዘን።

«ደረቅ ነው። ሊረግጥ ሲል አውልቆ ዳር ያስቀምጠዋል። ከሞተ በኋላ እርስዎ እርጥቡን ቁምጣ አውልቀው ደረቁን አለበሱት። ራሱ የተላጨ ነው፤ በጋቢ አንዴ ካበሱት በቃ። አንድ ነገር ብቻ እጅዎ እንቢ አለ። ክርስቲያን ነዎት፣ የሰው ማተብ አይፈቱም። ድርብ ፈትል ነው፤ አሁንም ሲጨምቁት ውሃ ያወጣል። እስከ ጉልበቱ የተነከረ ሰው አንገቱ ላይ ያለው ክር በምን ራሰ?»

ኢንስፔክተሯ ተናፈጠች።

«የጎጆዎ ክዳንም አዲስ የጓሳ ሳር ነው። ጓሳው ከተዘጋ ስንት ዓመቱ ነው?»

«ሦስት» አለች ጽናት ሳትጠየቅ።

መርስዔ ኃዘን መሬት ላይ ቁጭ አለ።

«እንዲያብጥ ብቻ ነበር» አለ። «ሁለት ቀን ይተኛል፣ ጉባኤው ያልፋል ብዬ። ሁሌም አብጦ ይድን ነበር። ወንዙ ውስጥ ገፋ አደረግሁት። ሲወጣ ‹ምን ነካህ› ብሎ ሳቀ እንኳ። ያክ ጀመር። ከዚያ ትንፋሽ አጠረው።»

«ልጅቷን ሲወስዷት ዝም ልትል ነበር?» አለች ፋንታዬ።

«ልጅ ናት፤ ኋላ ትፈታለች ብዬ።»

ጽናት ይህንም ሰማች። ልትናደድ ፈልጋ ነበር፤ አልመጣላትም። ለእሷ የመጣው ፒካፕ እሱን ይዞ ሄደ።

ሬሳው ለምርመራ ደብረ ብርሃን ደርሶ በማግስቱ ተመለሰ። ገናዦቹ ሊያጥቡት ውሃ በጄሪካን ከወንዝ አመጡ። ጽናት ተነስታ ጄሪካኑን ካንደኛው እጅ ተቀበለች።

«ወዴት ነው?» አላት።

«ላሞቀው።»

«ለሞተ ሰው ምን ያደርግለታል፣ ልጄ?»

«ምንም» አለች። እሳቱን አንድዳ ውሃውን ጣደች፤ ለብ እስኪል ድረስ ጣቷን እየነከረች ጠበቀች። ገናዦቹም ጠበቋት።